ኮድዎ የሚከፈትበትን ብራውዘር ራስዎ ይምረጡ
በዲምቱና በአካባቢው ዌብሳይት መሥራት ለጀመሩ የተዘጋጀ መመሪያ

ኮድ ጽፈን ማስጀመሪያውን ስንጫን ገጻችን የሆነ ብራውዘር ላይ ይከፈታል። አብዛኛው ጀማሪ ግን ያንን ብራውዘር መርጦት አያውቅም፤ ላፕቶፑ ሲገዛ አብሮ የመጣው ነው። ቢሮው ውስጥ ገደብ የሌለው ዋይፋይ ያለው ሰው ይህ ላያሳስበው ይችላል። ዲምቱ ላይ፣ ላፕቶፑን ከስልኩ ሆትስፖት ጋር አገናኝቶ በሞባይል ዳታ ለሚማር ወጣት ግን ጉዳዩ የኪስ ጉዳይ ነው። ከዊንዶውስ ጋር የሚመጣው ኤጅ አዲስ ታብ በተከፈተ ቁጥር ዜናና ፎቶ ይጭናል። ለመሥራት የተገዛው ጥቅል ማንም ባልጠየቀው ዜና ያልቃል። አራት ጊጋ ራም ያለው ላፕቶፕ ደግሞ ፌስቡክ፣ ዩቲዩብና የትምህርት ቪዲዮ በተከፈቱበት ብራውዘር ላይ ሥራው ሲጨመርበት ይንቀራፈፋል።

በሐምሌ 2016 ዓ.ም. ይፋ የሆነው የአምስት ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠና በኢንተርኔት የሚሰጥ በመሆኑ፣ ኮዲንግ ከዩኒቨርሲቲ ግቢ ወጥቶ ወረዳ ከተሞች ድረስ እንዲዘልቅ በር ከፍቷል። ሥልጠናው ኮድ መጻፍን ያስተምራል። የሥራ ጠረጴዛን ማሰናዳት ግን ለተማሪው የሚተው ነገር ነው። ይህ መመሪያ ከዚያ ዝግጅት አንዱን ክፍል ያሟላል፦ በሚጠቀሙበት የኮድ መጻፊያ ፕሮግራም ውስጥ ነባሪውን (ዲፎልት) ብራውዘር መወሰን።

ለመለማመጃ እንዲሆነን አንድ ገጽ እንያዝ፤ የዲምቱ ገበያ የሳምንቱ የዋጋ ዝርዝር ይሁን። በቆሎ፣ ቦሎቄ፣ ስኳር ድንችና ቦይና በአማርኛም በወላይታም ተጽፈውበታል።

መጀመሪያ፦ የሚወስነው ማን ነው?

ብራውዘር የሚመረጥባቸው ቦታዎች ሦስት ናቸው። የመጀመሪያው ኦፐሬቲንግ ሲስተሙ ነው፤ ለብዙዎቻችን ዊንዶውስ። ሁለተኛው የኮድ መጻፊያው ፕሮግራም ነው። ሦስተኛው የፕሮጀክቱ የራሱ ማስተካከያ ነው። ደንቡ ቀላል ነው፦ ፕሮጀክቱ ዝም ካለ ፕሮግራሙ ይወስናል፤ ፕሮግራሙ ዝም ካለ ዊንዶውስ ይወስናል። ይህን ቅደም ተከተል የያዘ ሰው «ቀየርኩት፤ እምቢ አለኝ» ብሎ አይቸገርም፤ የትኛው ቦታ እንደተናገረ መፈለግ ብቻ ነው የሚጠበቅበት።

ፈጣን መለያም አለ። ገጹ ሲከፈት የአድራሻ መስመሩን ይመልከቱ። በ127.0.0.1 ወይም ሎካልሆስት በሚለው ቃል ከጀመረ ገጹ የመጣው ላፕቶፕዎ ላይ ከሚሠራ ሰርቨር ነው። ፋይል በሚለው ቃል ከጀመረ ደግሞ በአብዛኛው ፋይሉን ከፎልደሩ ውስጥ ደብል ክሊክ አድርገው ከፍተውታል ማለት ነው። በዚህ መንገድ ሲከፈት የኮድ መጻፊያው አልተሳተፈም፤ ብራውዘሩን የመረጠው ዊንዶውስ ነው።

የእኔ ምክር ይህ ነው፦ የዊንዶውሱን ነባሪ ብራውዘር ለግል ጉዳይዎ ይተዉት፤ የሥራውን ብራውዘር በኮድ መጻፊያው ውስጥ ለብቻ ይወስኑ። ሁለቱ ሲለያዩ ዳታም ይቆጠባል፣ ሐሳብም አይበተንም።

የትኛውን ብራውዘር ይምረጡ?

ክሮም፣ ኤጅና ኦፔራ ስማቸው ይለያይ እንጂ ገጽ የሚያሳዩበት ሞተር አንድ ነው፤ ብሊንክ ይባላል። ፋየርፎክስ ጌኮ የተባለ የራሱ ሞተር አለው። የአፕል ሳፋሪ ደግሞ ዌብኪት በተባለው ይሠራል። ስለዚህ ሥራዎን በክሮም አይተው ኤጅ ላይ ቢደግሙት ብዙ አዲስ ነገር አያገኙም፤ ፋየርፎክስ ላይ ቢደግሙት ግን ያገኛሉ።

ገበያው ውስጥ ያለው ደንበኛ የዋጋ ዝርዝሩን የሚያየው በአብዛኛው በአንድሮይድ ስልክ ነው። እንግዲያው ክሮምን ዋና የሥራ ብራውዘር፣ ፋየርፎክስን የማመሳከሪያ አድርጎ መያዝ ጥሩ ጅምር ነው። ራሙ ትንሽ ከሆነ ሁለቱን በአንድ ጊዜ አይክፈቱ፤ በክሮም ሠርተው ሲጨርሱ ዘግተው ፋየርፎክስን ይክፈቱ።

ብራውዘሩን ለመጫን ሙሉውን ማስጫኛ ፋይል፣ ማለትም ያለ ኢንተርኔት የሚጫነውን፣ አንድ ጊዜ ያውርዱ። ዋይፋይ ያለበት ቦታ፣ ለምሳሌ ሶዶ ሲሄዱ፣ በፍላሽ ይዘውት ቢመለሱ ለጓደኞችዎም ይተርፋል። ያንኑ ፋይል እያንዳንዱ ሰው በየግሉ ዳታ የሚያወርድበት ምክንያት የለም።

የዊንዶውስን ነባሪ መቀየር

የግል ብራውዘርዎንም መቀየር ከፈለጉ፦

1. ሴቲንግስን ይክፈቱ፤ አፕስ፣ ቀጥሎም ዲፎልት አፕስ ውስጥ ይግቡ።
2. በዊንዶውስ 10 ዌብ ብራውዘር ከሚለው ሥር ያለውን ስም ተጭነው የሚፈልጉትን ይምረጡ።
3. በዊንዶውስ 11 ከዝርዝሩ ብራውዘሩን ፈልገው ይጫኑትና ከላይ ያለውን ሴት ዲፎልት የሚል ቁልፍ ይጫኑ።

ኡቡንቱ የሚጠቀሙ ሴቲንግስ ውስጥ ዲፎልት አፕሊኬሽንስ የሚለውን (በአዲሶቹ ቅጂዎች አፕስ፣ ቀጥሎ ዲፎልት አፕስ) ከፍተው ዌብ በሚለው መስመር ላይ ይምረጡ።

የዊንዶውስ ሴቲንግስ ውስጥ ሳሉ አንድ ነገር ይጨምሩ። ኔትወርክ እና ኢንተርኔት ውስጥ የተገናኙበትን ሆትስፖት ባሕርይ (ፕሮፐርቲስ) ከፍተው ሚተርድ ኮኔክሽን የሚለውን ያብሩ። ያን ጊዜ ዊንዶውስ በሚከፈልበት ዳታ እየሠራ መሆኑን ያውቅና ከጀርባ የሚያወርደውን ይቀንሳል።

ቪዥዋል ስቱዲዮ ኮድ

አሁን አብዛኛው ጀማሪ የሚማርበት ይህ ነው፤ ስለዚህ እዚህ ላይ ረጋ እንበል። ቪዥዋል ስቱዲዮ ኮድ ከዲበግ ውጪ ብቻውን የኤችቲኤምኤል ገጽን ብራውዘር ላይ አይከፍትም፤ ለዚህ ላይቭ ሰርቨር የተባለውን ኤክስቴንሽን ይጭናሉ። ላይቭ ሰርቨር ገጹን ከፍቶ አይተወውም፤ ፋይሉን ሴቭ ባደረጉ ቁጥር ራሱ ያድሰዋል።

1. ፋይል ከሚለው ሜኑ ኦፕን ፎልደርን ተጭነው የዋጋ ዝርዝሩ ያለበትን ፎልደር በሙሉ ይክፈቱ። አንድ ፋይል ብቻ ከከፈቱ ላይቭ ሰርቨር ፎልደር ይጠይቅዎታል።
2. በግራ በኩል ካሉት ምልክቶች ኤክስቴንሽንስን ይጫኑ፤ ላይቭ ሰርቨር ብለው ፈልገው ኢንስቶል ያድርጉ።
3. ከታች በግራ ጥግ ያለውን ባለ ጥርስ ጎማ ምልክት ተጭነው ሴቲንግስን ይክፈቱ።
4. በመፈለጊያው ላይ ላይቭ ሰርቨር ከስተም ብራውዘር ብለው ይጻፉ።
5. ከሚወጣው ዝርዝር ክሮም፣ ፋየርፎክስ ወይም ማይክሮሶፍት ኤጅን ይምረጡ። ነል የሚለው ቃል ተመርጦ ከቆየ ውሳኔው ለዊንዶውስ ተትቷል ማለት ነው። ፕራይቬት ሞድ የተጨመረባቸውን ከመረጡ ገጹ በግል መስኮት ይከፈታል።
6. ወደ ኤችቲኤምኤል ፋይልዎ ይመለሱና ከታች በቀኝ ያለውን ጎ ላይቭ የሚል ጽሑፍ ይጫኑ።

ገጹ በመረጡት ብራውዘር ተከፍቶ አድራሻው 127.0.0.1:5500 ብሎ ከጀመረ ተሳክቷል። አሁን የቦሎቄውን ዋጋ ቀይረው ሴቭ ያድርጉ፤ ብራውዘሩን ሳይነኩት አዲሱ ዋጋ ይታያል። ይህ ሁሉ ላፕቶፑ ውስጥ የሚካሄድ ስለሆነ ኔትወርክ ቢጠፋም አይቋረጥም። ፎንት ወይም ፎቶ ከኢንተርኔት የሚጠራ ገጽ ከሆነ ብቻ ያ ክፍል ይጎድላል፤ ስለዚህ እነዚህን አውርደው ፕሮጀክቱ ፎልደር ውስጥ ያስቀምጧቸው።

አራተኛው እርምጃ ላይ አንድ ነገር ልብ ይበሉ። በሴቲንግስ ገጽ አናት ዩዘር እና ወርክስፔስ የሚሉ ሁለት ክፍሎች አሉ። ዩዘር ላይ የመረጡት ለሁሉም ፕሮጀክቶችዎ ይሠራል። ወርክስፔስ ላይ የመረጡት የሚሠራው ለተከፈተው ፎልደር ብቻ ነው፤ ሁለቱ ሲጋጩ ደግሞ ወርክስፔሱ ያሸንፋል። የወርክስፔሱ ምርጫ በፕሮጀክቱ ፎልደር ውስጥ ስለሚቀመጥ ፕሮጀክቱን ለጓደኛዎ ሲሰጡ አብሮ ይሄዳል። የመረጡት ብራውዘር በእሱ ላፕቶፕ ላይ ከሌለ ደግሞ ይቸገራል። የግል ምርጫዎን ዩዘር ላይ፣ ቡድኑ የተስማማበትን ወርክስፔስ ላይ ያድርጉ።

ጃቫስክሪፕት እየተማሩ ከሆነ ኤፍ5 ተጭነው ዲበግ ማድረግም ይችላሉ። ለክሮምና ለኤጅ ምንም ተጨማሪ ነገር አይፈልግም፤ ለፋየርፎክስ ግን የራሱ ኤክስቴንሽን መጫን አለበት። በሚፈጠረው ማስጀመሪያ ፋይል ውስጥ የፖርት ቁጥሩ 8080 ሆኖ ይመጣል፤ ላይቭ ሰርቨርን ከተጠቀሙ ወደ 5500 ይቀይሩት። አለበለዚያ ገጽዎ አይከፈትም።

ዛምፕ

ፒኤችፒና ማይኤስኪውኤል የሚማሩ ዛምፕን ያውቁታል። በመቆጣጠሪያው መስኮት ላይ ካለው የአፓቼ መስመር አድሚን የሚለውን ሲጫኑ የሚከፈተው የዊንዶውስ ነባሪ ብራውዘር ነው። ይህን ለመቀየር፦

1. በመቆጣጠሪያው በቀኝ በኩል ከላይ ያለውን ኮንፊግ የሚል ቁልፍ ይጫኑ።
2. ብራውዘር ከሚለው ጎን ያለው ሳጥን ባዶ ከሆነ ዊንዶውስ ይወስናል። ከጎኑ ያለውን ቁልፍ ተጭነው የብራውዘሩን ፕሮግራም ፋይል ያሳዩት።
3. ሴቭ አድርገው አድሚንን እንደገና ይጫኑ።

የፒኤችፒ ፋይልን ከፎልደሩ ውስጥ ደብል ክሊክ አድርገው ለመክፈት አይሞክሩ፤ በየትኛውም ብራውዘር ቢሆን ኮዱ አይሠራም። ኤችቲዶክስ ከሚባለው ፎልደር ውስጥ አስቀምጠው ብራውዘሩ ላይ ሎካልሆስት ብለው፣ ቀጥሎ የፎልደሩን ስም ጽፈው ይክፈቱት።

ቪዥዋል ስቱዲዮ

ስሙ ቢመሳሰልም ይህ ሲሻርፕና ኤኤስፒ ዶት ኔት የሚማሩበት ትልቁ ፕሮግራም ነው።

1. የዌብ ፕሮጀክቱን ይክፈቱ።
2. ከላይ ካለው አረንጓዴ የማስጀመሪያ ቁልፍ አጠገብ ያለችውን ትንሽ ቀስት ይጫኑ።
3. ዌብ ብራውዘር ከሚለው ሥር የሚፈልጉትን ይምረጡ። ለዕለት ሥራ ይህ ይበቃል።
4. በዝርዝሩ ከሌለ ብራውዝ ዊዝ የሚለውን ይክፈቱ፤ አድ ተጭነው የፕሮግራሙን ፋይል ያሳዩትና ስም ይስጡት።
5. ስሙን መርጠው ሴት አዝ ዲፎልትን ይጫኑ።

በዚሁ መስኮት ኮንትሮል ቁልፍን ይዘው ሁለት ብራውዘር ከመረጡ በኋላ ብራውዝን ቢጫኑ ገጹ በሁለቱም ይከፈታል። ክሮምንና ፋየርፎክስን ጎን ለጎን ለማመሳከር ከዚህ የቀለለ መንገድ የለም። ጃቫስክሪፕትን ከቪዥዋል ስቱዲዮ ውስጥ ዲበግ ማድረግ ከፈለጉ ግን ክሮምን ወይም ኤጅን ይምረጡ።

ኤክሊፕስ፣ ኔትቢንስና የጄትብሬንስ ፕሮግራሞች

ጃቫ በኤክሊፕስ የሚሠሩ ዊንዶው ከሚለው ሜኑ ፕረፈረንስስን ይክፈቱ፤ ጄኔራል፣ ከዚያ ዌብ ብራውዘር። ዩዝ ኤክስተርናል ዌብ ብራውዘር የሚለውን መርጠው ከዝርዝሩ አንዱ ላይ ምልክት ያድርጉ፤ ከሌለ ኒው በሚለው ይጨምሩ። ይህን ማድረግ ተገቢ የሚሆንበት ምክንያት አለ። ኤክሊፕስ ገጹን በራሱ ውስጥ መክፈት ይወዳል፤ የቆዩት ቅጂዎች ደግሞ በዊንዶውስ ላይ ለዚህ የሚጠቀሙት የኢንተርኔት ኤክስፕሎረርን ሞተር ነው። ማይክሮሶፍት ኢንተርኔት ኤክስፕሎረርን በሰኔ 8 ቀን 2014 ዓ.ም. አሰናብቶታል። ዛሬ የምንጽፈው ሲኤስኤስ እዚያ ላይ ቢበላሽ ጥፋቱ የእርስዎ አይደለም።

በኔትቢንስ ቱልስ፣ ኦፕሽንስ፣ ጄኔራል ውስጥ ዌብ ብራውዘር ከሚለው ይመርጣሉ። በዌብስቶርምና በመሰል የጄትብሬንስ ፕሮግራሞች ደግሞ ሴቲንግስ፣ ቱልስ፣ ዌብ ብራውዘርስ ውስጥ ይግቡ። እዚያ ዲፎልት ብራውዘር የሚለው ሦስት ምርጫ አለው፦ የሲስተሙ ነባሪ፣ ከዝርዝሩ የመጀመሪያው፣ ወይም እርስዎ የሚያሳዩት ፋይል። ሁለተኛውን ቢመርጡ ይሻላል፤ ብራውዘሮቹን በቀስቱ ወደ ላይና ወደ ታች እያንቀሳቀሱ በፈለጉ ጊዜ ይቀያይራሉ።

ሪአክትና ቫይት

እዚህ የሚናገረው ፕሮጀክቱ ራሱ ነው። ክሪኤት ሪአክት አፕ በተባለው የቆየ መሣሪያ የተሠራ ፕሮጀክት ሲጀመር ብራውዘሩን ራሱ ይከፍታል፤ ፖርቱም 3000 ነው። በፕሮጀክቱ የኢንቫይሮመንት ፋይል ውስጥ ብራውዘር የሚለውን ስም በትልልቅ የእንግሊዝኛ ፊደላት ጽፈው፣ ከእኩል ምልክት በኋላ የሚፈልጉትን ብራውዘር ስም ያስገቡ። ነን ብለው ከጻፉ ምንም አይከፈትም፤ እርስዎ በመረጡት ላይ አድራሻውን ይጽፋሉ። ቫይት በበኩሉ ካላዘዙት አይከፍትም፤ አድራሻውን በተርሚናሉ ላይ ያሳይዎታል፣ የተለመደው ፖርቱ 5173 ነው። የፓይተኑ ጃንጎም እንዲሁ በ8000 ቁጥር ይጠብቅዎታል።

ለሥራ ብቻ የሚሆን ፕሮፋይል

የግልዎም የሥራዎም ብራውዘር ክሮም ከሆነ በፕሮፋይል ይለያዩት። ከላይ በቀኝ ያለውን የፕሮፋይል ምልክት ተጭነው አዲስ ይጨምሩ፤ በአካውንት ሳይገቡ መቀጠል ይችላሉ። ስሙን «ሥራ» ይበሉት። እዚህ ፕሮፋይል ላይ ምንም ኤክስቴንሽን አይጫኑ፤ ማስታወቂያ የሚያግድ ወይም ገጽ የሚተረጉም ኤክስቴንሽን የገጽዎን መልክ ቀይሮ ያሳስትዎታል። ላይቭ ሰርቨር ገጹን በሌላ ፕሮፋይል ላይ ከከፈተው አድራሻውን ኮፒ አድርገው የሥራው መስኮት ላይ ይለጥፉት።

ቀጥሎ ኤፍ12ን ተጭነው ኔትወርክ የሚለውን ይክፈቱ። ዲሴብል ካሽ የሚለው ላይ ምልክት ያድርጉ፤ ይህ መስኮት ክፍት እስከሆነ ድረስ አሮጌ ገጽ እየታየ አያደናግርዎትም። ከጎኑ ካለው ዝርዝር 3ጂን መርጠው ገጹን እንደገና ይጫኑት። የዋጋ ዝርዝሩ ከመታየቱ በፊት ደቂቃ የሚያስቆጥር ፎቶ ካለ እዚህ ያዩታል። ሳይቃጠል በቅጠል ነውና ፎቶውን ያኔውኑ ያሳንሱት።

በስልክ ላይ መሞከር

ደንበኛው የሚያየው በስልክ ከሆነ የመጨረሻው ፈተና ስልኩ ላይ ነው። ለዚህ ገጹን ኢንተርኔት ላይ መጫን አያስፈልግም፤ ዳታም አይወስድም።

1. የስልኩን ሆትስፖት አብርተው ላፕቶፑን ያገናኙ። በአብዛኛው አንድሮይድ ስልክ የሞባይል ዳታውን አጥፍተው ሆትስፖቱን ብቻ መተው ይችላሉ።
2. በቪዥዋል ስቱዲዮ ኮድ ሴቲንግስ ውስጥ ላይቭ ሰርቨር ዩዝ ሎካል አይፒ የሚለው ላይ ምልክት ያድርጉ።
3. ጎ ላይቭን ይጫኑ። አሁን የአድራሻ መስመሩ በ127 ፋንታ እንደ 192.168.43.25:5500 ያለ ቁጥር ያሳያል።
4. የዊንዶውስ ፋየርዎል ፈቃድ ከጠየቀ ለግል ኔትወርክ ይፍቀዱ።
5. ያንኑ ቁጥር ከነፖርቱ በስልኩ ክሮም ላይ ይጻፉ።

ኦፔራ ሚኒ ዳታ በሚቆጥብበት ሁኔታ ላይ ሲሆን ገጾችን የሚያመጣው በኩባንያው ሰርቨሮች በኩል ነው። እነዚያ ሰርቨሮች የእርስዎን ላፕቶፕ አያገኙትም። ስለዚህ ኦፔራ ሚኒን የሚሞክሩት ገጹ ኢንተርኔት ላይ ከወጣ በኋላ ነው። ይህንን ሙከራ አይዝለሉት፤ ዳታ የሚቆጥብ ሰው የሚጠቀምበት ብራውዘር ነው። በዚህ ሁኔታ ላይ ጃቫስክሪፕት እንደልብ አይሠራም፤ ዋጋዎቹ ያለ ጃቫስክሪፕት የሚነበቡ ይሁኑ።

ስልኩ ላይ ሲያዩ ሁለቱን ቋንቋዎች ለየብቻ ይመልከቱ። ወላይታ በላቲን ፊደል፣ አማርኛ በግዕዝ ፊደል ስለሚጻፍ ብራውዘሮች ለሁለቱ የተለያየ ፎንት ይመርጣሉ፤ የመስመሩ ቁመትና ስፋትም ይለያያል። በኮዱ ውስጥ የየክፍሉን ቋንቋ ይግለጹ፤ ለአማርኛ ኤ እና ኤም፣ ለወላይታ ደብልዩ፣ ኤ እና ኤል የሚሉት ፊደላት ናቸው መለያዎቹ። ፎንቱንም ለብራውዘሩ ከመተው ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክን የመሰለ ነጻ ፎንት ፕሮጀክቱ ውስጥ ቢያስገቡ በሁሉም ዘንድ አንድ ዓይነት መልክ ይኖረዋል።

እምቢ ካለ

ብራውዘሩ በዝርዝሩ ላይ ከሌለ ኮድ መጻፊያውን ዘግተው ይክፈቱት፤ ብራውዘሩን የጫኑት ፕሮግራሙ ተከፍቶ ሳለ ሊሆን ይችላል። ምርጫዎ ካልሠራ የወርክስፔሱን ሴቲንግ ይፈትሹ። ላይቭ ሰርቨር ምንም የማይከፍት ከሆነ ኖ ብራውዘር የሚለው ላይ ምልክት መኖሩን ይመልከቱ። የመረጡት ብራውዘር ላፕቶፑ ላይ በእርግጥ መጫኑንም ያረጋግጡ። ገጹ ተከፍቶ አሮጌው ከታየ ኮንትሮልና ኤፍ5ን በአንድ ላይ ይጫኑ። ስልኩ ካልከፈተ ላፕቶፑ ከዚያው ስልክ ሆትስፖት ጋር መገናኘቱን፣ ቀጥሎ ፋየርዎሉን ይፈትሹ።

ይህን ሁሉ አንድ ጊዜ ካስተካከሉ በኋላ እርምጃዎቹን በደብተር ወይም በፕሮጀክቱ ውስጥ ባለ የጽሑፍ ፋይል ላይ ያስፍሩ፦ የትኛው ብራውዘር፣ የትኛው ፖርት፣ የትኛው ሴቲንግ። ላፕቶፕ በሚጋሩበት ቤትና ክፍል ውስጥ ያ ማስታወሻ ቀጥሎ ለሚቀመጠው ሰው ግማሽ ቀን ያተርፍለታል። ዛሬ ማታ የዋጋ ዝርዝሩን ከፍተው በክሮም፣ በፋየርፎክስና በስልክዎ ላይ ይመልከቱት። ሦስቱም ላይ በትክክል ከተነበበ ገበያው ላይ ላለ ነጋዴ ስልኩን ሰጥተው ሊያሳዩት ይችላሉ።